አንድ ዙር ቀረሽ

ልጄ አጁሉ ትታው የሄደችው አሮጌ የሩጫ ጫማ እስካሁን ደጃፌ ላይ ነው። ዝናብ ሲነካው የባሮ ጭቃ ይሸታል። ጎረቤቶቼ «እጠቢው እንጂ» ይሉኛል፤ እጄ እንቢ አለኝ። ሽታው ልጄን ብቻ ሳይሆን አሪየትንም፣ ጋምቤላ ከተማ ኒውላንድ ሰፈር ውስጥ አብረን ያደግንበትን ጊዜም ይዞልኝ ይመጣላ።

ጋምቤላ ገና ክልል የተባለች ሰሞን ነበር፤ ቃሉ ለእኛ ለልጆቹ አዲስ ስለሆነ፣ አዲሱ ባንዲራም፣ ቀለም የተቀባው ቢሮም፣ ማንጎ ሥር ወንበር ደርድረው የሚሰበሰቡት ሰዎችም ሁሉም «ክልል» ይመስሉን ነበር። አሪየት የጎረቤታችን ልጅ ናት፤ እግሯ ረጅም፣ አማርኛዋ አጭር። ባሮ ውሃ ልንቀዳ ስንወርድ እኔ አዞውን ፈርቼ ዳር ላይ ስቆም፣ እሷ የሁለታችንንም ጀሪካን ሞልታ ትወጣለች። ድሮም ፈሪ ነኝ።

የአፋችን ቋንቋ አኝዋክኛ ነው፤ አማርኛን ከሰፈር ጨዋታ ነው የለቀምነው። ወደ ጎረቤቷ ከተማ ኢታንግ የሚሄደው መኪና ሲነሳ፣ ሮጣ ሳትደርስበት ጥሏት የሄደውን ልጅ «ቀረሽ! ቀረሽ!» እያልን እስክታለቅስ እናበሽቃት ነበር። ለአሪየት እንግዲህ «ቀረሽ» ማለት አለቀልሽ ማለት ነው፣ ሌላ ትርጉም የለውም።

ከዚያ የትምህርት ቤቶች ውድድር መጣ፤ ያሸነፈች አዲስ አበባ ትሄዳለች ተባለ። ከደጋ የመጡት የስፖርት አስተማሪያችን ሜዳውን በአመድ አስምረው አስሮጡን። እኔ ገና በመጀመሪያው ዙር ሆዴን ይዤ ወጣሁ። አሪየት ግን ሁሉንም ጥላ ብቻዋን ስትመጣ፣ አስተማሪው በደስታ ዘለው «አሪየት! አንድ ዙር ቀረሽ!» ብለው ጮሁ።

ቀጥ ብላ ቆመች። ከዚያ አመዱ ላይ ቁጭ ብላ ማልቀስ። ሰው ሁሉ «ሩጪ!» ይላል፣ እሷ «ቀረሽ አሉኝ እኮ!» ትላለች፤ አስተማሪው ጭንቅላታቸውን ይዘው ይዞራሉ። እኔ ፈሪዋ ምን እንደነካኝ አላውቅም፣ መስመሩን ጥሼ ገብቼ፣ ክንዷን ጎትቼ በቋንቋችን «መኪናው አልሄደም! አንቺን ነው የሚጠብቀው፣ ተነሺ!» አልኳት። ሌሎቹ ጥለዋት አልፈው ነበር። አነሳሷን እስክሞት አልረሳውም፤ ከሁሉም ፊት የነበረችውን ልጅ የቀደመቻት መግቢያው መስመር ላይ ነው። አስተማሪያችን ከዚያ ወዲያ «ቀረሽ» የሚለውን ቃል ከአፋቸው አወጡት፤ «ገና ነው! ገና ነው!» ብቻ ሆነ።

አሪየት በዚያው ሄደች። ክለብ ያዛት፣ አስር ሺህ ሜትር ሮጠች፣ ውጭ አገር ብርድ ላይ ሮጠች፤ አንድ ቀን ሬዲዮኑ ስሟን አጣሞ ጠራውና ሰፈሩ «እሷ ናት፣ አይደለችም» እያለ ሲጣላ ዋለ። ፎቶዋ እንደ ዝነኞቹ ግድግዳ ላይ አልተለጠፈም። ግን ለእናቷ ቆርቆሮ ቤት ሠራች፤ ጉልበቷ በቃኝ ሲላትም ተመልሳ፣ በኢታንግ መንገድ ልጃገረዶች ታስሮጥ ጀመር። ከእነሱ አንዷ የእኔዋ አጁሉ ናት።

የአዲስ አበባ ክለብ አጁሉን ይፈልጋታል ሲባል ግን እንቢ አልኩ። መንገዱን ፈራሁ፣ ብርዱን ፈራሁ፣ የሰው አገር ሰው ፈራሁ። እኔ ከኢታንግ አልፌ አላውቅም። አሪየት ሰምታ ሰምታ፣ «አንቺ፣ ያን ቀን ተነሺ ያልሽኝ ማን ነበር?» አለችኝ። ተነስቼ የአጁሉን ልብስ ማጣጠፍ ጀመርኩ።

ባለፈው ሳምንት ራሷ አሪየት ልታደርሳት ይዛት ሄደች። አውቶቡሱ ሲነሳ የልጄን እጅ በመስኮት እንደያዝኩ አብሬ ሮጥኩ፤ ትንፋሼ አልቆ ለቀቅኩት። አሪየት አንገቷን አውጥታ «ቀረሽ! ቀረሽ!» አለችኝ፣ በዚያች በድሮዋ ዜማ። ተሳፋሪው አፈጠጠባት፤ እኔ እያለቀስኩ ሳቅኩ። ወዲያው አንድ ጣቷን አነሳችልኝ፤ አንድ ዙር።

የሮጥንበት ሜዳ ዛሬ ቤት ተሠርቶበታል፤ ማንጎውም ተቆርጧል፤ አስተማሪያችን አገራቸው ገብተው የት እንዳሉ አናውቅም። ቤቴም ጭር ብሏል። ፍርሃቴ አብሮኝ ነው፤ ጸሎት ስጀምር ግን «ጠብቃት» ከማለቴ በፊት «አሪየትን ስለሰጠኸኝ ተመስገን» እላለሁ። ትናንት አጁሉ ደውላ «እማ፣ ይበርዳል፤ ግን ሮጥኩ» አለችኝ።

ጫማውን ገና አላጠብኩትም።