ጋሽ ሲፎ መድረክ ላይ አባታቸውን የጠሩ ቀን

ልጅ ሳለሁ፣ ሰመር በገባ ቁጥር፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ካለው አፓርታማችን ጀርባ ጎረቤታችን ጋሽ ሲፎ ከሰል አያይዘው ስጋ ይጠብሱ ነበር። ደቡብ አፍሪካዊ ናቸው፣ ዙሉ፤ «ጋሽ» ያልናቸው እኛ ነን። ጭሱ ዓይናችንን እየለበለበው፣ ፍሙ አመድ እየለበሰ ሲመጣ፣ ያኔ በወጣትነታቸው ጃዝ ፍለጋ ጊታራቸውን አንግተው ከገጠር ወደ ደርባን የወረዱበትን ታሪክ ይጀምሩልን ነበር።

እዚህ ጋ አንድ ነገር ላስረዳ፤ ያለሱ ታሪኩ አይገባም። እሳቸው ባደጉበት መንደር ጊታር ተጫዋች ዘፈኑ መሀል ላይ ዜማውን ያቆምና፣ ጣቶቹ እየሠሩ፣ የማን ልጅ እንደሆነና ከየትኛው ወንዝ ማዶ እንደመጣ በአንድ ትንፋሽ ያንደቀድቀዋል። የእኛን ፉከራ አስቡት። ይህን የዘለለ ሰው አባቱን እንደካደ ነው የሚቆጠረው።

ደርባን ላይ አንድ የጃዝ ባንድ ለሙከራ አስጫወታቸው። ሳክስፎን ነፊው በአገጩ «ያንተ ተራ ነው» አላቸው፤ ሶሎ፣ ብቻህን ተጫወት፣ ማለቱ ነው። ጋሽ ሲፎ ግን ማይኩ ላይ ተደፍተው አባታቸውን፣ አያታቸውን፣ የግቢውን በሬዎች ሳይቀር በስም ጠሩ! ሰዉ በሳቅ ፈረሰ። የባንዱ መሪም «ነገ ና፤ አባትህን ግን ይዘህብኝ እንዳትመጣ» አላቸው።

«ታዲያ ሄዱ?» አልኳቸው።

«ሄድኩ። ጃዝ እኮ ክፉኛ ይዞኝ ነበር፣ ልጄ።»

ከዚያ በኋላ መድረክ ላይ አፋቸውን ዘግተው ተጫወቱ። አንድ ቀን አባታቸው ከገጠር መጥተው ፊት ለፊት ተቀመጡ፤ እስከ መጨረሻው አዳመጡ፤ ሲያልቅ ወደ ልጃቸው ቀረብ ብለው፣ «ጎበዝ ነህ። የማን ልጅ ነህ?» አሏቸው።

እኛ ሳቅን፤ ጋሽ ሲፎም ሳቁ። ግን ስጋው ሲያርርባቸው ሳይገለብጡት ያዩት ነበርና ሳቄ መሀል ላይ ግራ ገባኝ።

«አባትዎ ቀልደው ነው?» አልኳቸው።

«እጠይቃቸዋለሁ ስል ሞቱ።»

ዛሬ ከሲልቨር ስፕሪንግ ብዙ በማትርቀው አሌክሳንድሪያ ውስጥ በጊታር ጃዝ እጫወታለሁ። ማንም አላስተማረኝም፤ ከቪዲዮ ነው የለቀምኩት፤ ለዚህም ይሆናል ያገኘሁትን ሰው ሁሉ ይዤ የማስረዳው። ሶሎ ማለት፣ እላለሁ፣ ያለ ቃል ማንነትን መናገር ነው። እንደዚያ ከሆነ ጋሽ ሲፎ አባታቸውን መጥራት አላቆሙም ማለት ነው። ታዲያ አባትየው ፊት ለፊት ተቀምጠው እንዴት አልሰሙትም? ወይስ ሰምተው ነው? እዚህ ስደርስ ማብራሪያዬ ይጠፋብኛል። ሰዎቹ «እሺ፣ ከዚያስ?» ይሉኛል፤ እኔ ክሮቼን መቃኘት እጀምራለሁ።