የቅቤ ነጋዴዋ ሳቅ

ፊልም አሳዪው ታዘበው የእህል መጋዘኑን መስኮት በጆንያ ጋርዶ ለቢቸና ገበያተኛ የስለላ ፊልም ሲያሳይ፣ ሰው ሁሉ ትንፋሹን ውጦ ሳለ አንዲት ባልቴት ብቻ ይስቁ ነበር። ከሞጣ የመጡ ቅቤ ነጋዴ ናቸው፤ ራሳቸውን በጥቁር ሻሽ ሸብ አድርገው የቅቤ ቅላቸውን እንደ ሕፃን ታቅፈዋል። ፊልሙ ላይ በር ሲዘጋ ግድግዳው እንደ ጨርቅ ተርገፈገፈ፤ ሳቁ። አንድ ሽጉጥ ሃያ ጊዜ ተኮሰ፤ ሳቁ። ሰላዩ ጥቁር መነጽሩን አድርጎ ግራ ቀኝ እየተገላመጠ ሲሄድማ እንባቸው መጣ።

ታዘበው ተናደደ። «ምን ያስቅዎታል፣ እማማ?»

«ይኼን ሰላይ እኮ የሞጣ ውሻ ሳይቀር ይለየዋል! እኔ በጣሊያን ጊዜ የአርበኞችን ደብዳቤ ከቅቤ ሥር ቀብሬ አምስት ዓመት ሙሉ ተመላለስሁ። የጣሊያን ዘበኛ በጣቱ ዝቆ ይቀምስና ‹እለፊ› ይለኛል!»

መጋዘኑ በእልልታ ተናጋ። እልልታው ሲበርድ ባልቴቷ የሉም። ታዘበው ፊልሙን ትቶ ወደ ገበያው ሮጠ። እዚያ ጥቁር ሻሽ ያሰሩ፣ ቅል የታቀፉ ሃያ ሴቶች ተደርድረዋል። የትኛዋ እሳቸው እንደሆኑ መለየት አቃተው፤ ያ ሳቅ ብቻ ከመካከላቸው ይሰማል።