አባቴ ሲነዳ የቀዳሁት ድምፅ

አባቴ ዕድሜውን ሙሉ የጭነት መኪና ሲነዳ የኖረ ሰው ነው። ከነቀምት ወደ ጊምቢ ባዶውን ይወርድና ቡና ጭኖ ይመለሳል፤ ከዚያ በሲሬ፣ በአኖ አድርጎ አዲስ አበባ ያደርሳል። የዴዴሳ ቁልቁለት ላይ ፍሬን እምቢ ካለው ቀን ወዲህ ግን አይነዳም። ቀኝ እግሩን ከጉልበቱ በላይ ቆረጡት። ረዳቱ እዚያው ቀረ።

ረዳት ሲባል ብዙ ሰው ጎረምሳ ይመስለዋል። የአባቴ ረዳት ግን ጢሙ ሽበት የጀመረው፣ ሲሬ ላይ ቤት የሠራ፣ ልጆች ያደረሰ ሰው ነበር። አባቴ መኪና ሲቀይር እሱም አብሮት ይቀይራል። መንጃ ፈቃድ አውጥቶ ራሱ እንዲነዳ ስንቴ ተለመነ፤ "ሁለታችንም መሪ ከያዝን ማን ያወራል?" እያለ ይስቅ ነበር። ሲቀበር አባቴ ሆስፒታል ተኝቷል። ለቅሶ አልደረሰም።

እኔ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ኮምፒውተር አስተምራለሁ። አባቴ ከሆስፒታል ወጥቶ ቤት ሲውል ፊቱን ወደ ግድግዳው አዙሮ መቀመጥ ጀመረ። የቤተ ክርስቲያን ሰዎች መጥተው ይጸልዩለታል፣ አሜን ይላል፣ ሲወጡ ተመልሶ ወደ ግድግዳው ይዞራል። ምን እንደማደርግ ሲጨንቀኝ የራሴን ኮምፒውተር ሳሎን አምጥቼ የጭነት መኪና የሚነዳበት ጌም ጫንኩለት፤ ጆይስቲክም ገዛሁለት። መጀመሪያ ንቆት ነበር። መንገዱ ሰፊ አስፋልት ነው፣ ዳርና ዳሩ በረዶ፣ አህያ የለ፣ ጉድጓድ የለ።

"እዚህ ላይ ማንም ሞኝ ይነዳል" አለ።

ግን ነዳ። በማግስቱም ነዳ። ከዚያ ሳስተውለው እየነዳ ያወራል። የተለየ ነገር አይደለም፤ "ይሄ ደግሞ ምን ይንቀረፈፋል"፣ "ጭነቱ ወደ ግራ አድልቷል" ዓይነት ነገር ነው። እኔን ግን አስደነገጠኝ፤ ከአደጋው ወዲህ ያን ያህል ቃል ካፉ ወጥቶ አያውቅም። አባቴ ድሮም ቤት ውስጥ ዝምተኛ ነው። እናቴ በሕይወት ሳለች ቁም ነገር ልታወራው ስትፈልግ እስከ ሲሬ አብራው ሄዳ በሚኒባስ ትመለስ ነበር። ወሬው የሚወጣው መሪ ሲይዝ ብቻ ነው።

አንድ ቅዳሜ ከሰዓት ልብስ ላጥብ ስነሳ ጠራኝ።

"ኢንተላ ኮ፣ ይሄ ነገር ይቀዳል?"

ሴት ልጄ ማለቱ ነው፤ ሆዱ ሲባባ በኦሮምኛ ነው የሚጠራኝ።

"ጌሙ ነው?"

"ጌሙም፣ እኔም ስናገር።"

"ለማን ነው አባዬ?"

"ለሲሬዋ" አለ።

የረዳቱ ሚስት ናት። ሽማግሌዎች "ወዲያው ነው ያረፈው፣ አልተሰቃየም" ብለዋት ነበር። እሷ ግን በሚመጣ በሚሄደው ሰው ሁሉ ትልክበታለች፤ አብሮት የነበረው እሱ ነው፣ እንዴት እንደሆነ እሱ ይንገረኝ ትላለች። አባቴ መልስ አልሰጣትም።

"ፊቷን እያየሁ አልችልም" አለኝ። "በስልክ ሞከርኩ፣ ድምፄ ይዘጋል። ስነዳ ግን የሚወጣልኝ ይመስለኛል።"

ሌላ ፕሮግራም መጫን አያስፈልግም ነበር፤ ኮምፒውተሩ የራሱ መቅጃ አለው። ኪቦርዱ ላይ መስኮት የተሳለበትን ቁልፍ ከጂ ፊደል ጋር አንድ ላይ ስትጫኑት በጌሙ ላይ ትንንሽ ሰሌዳዎች ተደርበው ይመጣሉ። አንዱ ላይ ክብ የመቅጃ ምልክት አለ። እሱን ብነካው አልሠራ አለኝ፤ ደብዝዟል። ሴቲንግ ውስጥ ገባሁ፣ ወጣሁ። ችግሩ ድራይቨር የሚባለው የስክሪን ካርዱ ሶፍትዌር አለመጫኑ ነበር።

"ድራይቨር የለውም" አልኩት።

"የኔን መኪና መሰለኛ" አለ። ሳቀ ለማለት ይከብዳል፤ ከንፈሩ ግን ተንቀሳቀሰ።

ኔትወርኩ ደካማ ስለነበር ትምህርት ቤት አውርጄ በፍላሽ ይዤለት መጣሁ። ከጫንኩት በኋላ ምልክቱ በራ። ለሙከራ ትንሽ ቀድተን ስንከፍተው መኪናው ይሄዳል፣ ሞተሩ ይጮኻል፣ የአባቴ ድምፅ የለም። ለካ እንዳለ ከተዉት የሚቀዳው የጌሙን ድምፅ ብቻ ነው፤ ማይኩን ለብቻው መክፈት ያስፈልጋል። ከፈትኩት፣ ማይክ ያለው የጆሮ ማዳመጫም አደረግኩለት። ሞክር ስለው ቸርች ውስጥ ማይክ እንደሚሞክሩት "ሄሎ፣ ሄሎ፣ ሃሌሉያ" አለ። ከፍተን ስንሰማው ሃሌሉያው ጥርት ብሎ ተቀድቷል።

ልጀምር ሲል ወጣሁለት። ግቢ ልብስ እያጠብኩ ድምፁ ይሰማኛል፣ ቃሉ አይለይም። ረጅም ሰዓት አወራ። ከዚያ የጎረቤት ቴፕ ፀጥ አለ፤ መብራት ጠፋ።

ስገባ ጆይስቲኩን እንደያዘ የጠቆረውን ስክሪን ያያል። መብራት ሲመጣ ፋይሉን አገኘሁት፤ ስም አለው፣ አይከፈትም። ቀረጻው በወጉ ሳይዘጋ ኃይል ሲቋረጥ ያለው ነገር ይበላሻል። የማውቀውን ሁሉ ሞከርኩ።

"አለ?" አለኝ።

"የለም አባዬ።"

"ጨርሼ ነበር" አለ። "ሁሉንም ብዬው ነበር።"

ክረምቱን ሙሉ ጌሙን አልነካም። ዝናቡ ጣሪያው ላይ ሲወርድ፣ እሱ ግድግዳውን ሲያይ፣ እኔ የክረምት ተማሪዎች ፈተና ሳርም ክረምቱ አለቀ። ደግመህ ሞክር ለማለት አፌ አልደፈረም። አንድ ሰው እንዲህ ያለውን ነገር ስንት ጊዜ ከሆዱ ሊያወጣ ይችላል?

መስከረም ላይ ራሱ ጠየቀኝ። "ባትሪ ያለው ኮምፒውተር ታገኛለሽ?" ከጎጃም ተመድቦ ከመጣ አንድ የሥራ ባልደረባዬ ላፕቶፕ ተዋስኩ። ጌሙን ጫንኩ፣ መቅጃውን አስተካከልኩ፣ ማይኩን ከፈትኩ፣ ሁለቴ ሞከርኩት። ልወጣ ስነሳ "ቁጭ በይ" አለኝ፤ ወንበሩን በቀኙ በኩል አሳየኝ። ረዳት የሚቀመጥበት ቦታ ነው። ተቀመጥኩ።

መኪናውን አስነሳ። ከከተማው ወጣ። ሰፊው መንገድ ላይ ሲደርስ፣ ዓይኑን ከስክሪኑ ሳይነቅል፣ በኦሮምኛ ጀመረ። እኔ በአማርኛ ልጻፈው።

"እህቴ፣ ፍሬኑ ሲሄድ ዝለል አልኩት። በሩን ከፈተ፤ የሚዘል መሰለኝ። ታኮውን ይዞ ነው የወረደው። ጎማው ሥር ሊከተው አብሮ ሮጠ። አንዴ አስገባው፣ ጎማው ረግጦት አለፈ። ትንሽ ግን ያዘው፤ ያኔ ነው ወደ ዳገቱ ጠምዝዤ አፈሩን የመታሁት። መኪናው እሱ ባለበት በኩል ተገለበጠ። እሱ ከሥር ነበር።"

ማርሽ ቀየረ። ስክሪኑ ላይ በረዶ ይዘንባል።

"ወዲያው አልሞተም። የነገሩሽ ልክ አይደለም። እኔ እግሬ ተይዟል፣ እሱን አላየውም፣ ድምፁን ነው የምሰማው። ሰው መጣ ወይ? ይለኛል። እየመጡ ነው እለዋለሁ። ማንም አልነበረም። ውሃ ስጠኝ አለኝ። ጀሪካኑ እዚያው አጠገቤ ነበር፤ ከኔ እሱ ጋ አይደርስም። ልጆቹን በየስማቸው ጠራ። አንቺንም ጠራ። ከዚያ እኔ ስጠራው ዝም አለ። እየጠራሁት ነው ሰው የደረሰው።"

መኪናውን ዳር አስይዞ አቆመ። "ዝጊው" አለኝ። ዘጋሁት። ሁለታችንም ከወንበራችን አልተነሳንም።

ቀረጻውን ወደ ስልኬ አዙሬ ሲሬ የሄድኩት ብቻዬን ነው። አባቴ ያልሄደበትን ምክንያት እግሬ ነው አለ፤ እኔም እግሩ እንደሆነ ተቀበልኩ። ሴትየዋ በሯ ላይ በቆሎ ትፈለፍላለች። "አካም ጅርታ" ተባብለን ገባን። ስልኩን ከፍቼ ሰጠኋት።

"ይሄ መንገድ የት ነው?" አለች።

"የለም፣ ጨዋታ ነው።"

በረዶውን ትንሽ አየችውና ስልኩን ጉልበቷ ላይ በፊቱ ደፋችው። እንደዚያ ሆኖ ድምፁን ብቻ እስከ መጨረሻው ሰማች። አላለቀሰችም። ሲያልቅ መልሳ ሰጠችኝ።

"አውቅ ነበር" አለች። "ሬሳውን ሲያመጡልኝ ጥፍሩ ውስጥ አፈር ነበር። ወዲያው የሞተ ሰው መሬት አይቧጭርም። ሁሉም ይዋሹኛል፣ እኔም የተታለልኩ መስዬ እቀመጣለሁ።" ቀሚሷ ላይ የቀረውን ፍሬ አራገፈች። "አሁን ሂጂ። እሱ ራሱ ይምጣ በይው። ለቅሶ በስልክ አይደረስም።"

ለአባቴ እንዳለችው ነገርኩት። ሁለት ቀን አልበላም። በሦስተኛው ቀን ክራንቹን ጠየቀኝና ሚኒባስ ተሳፈርን፤ ሾፌሩ ያውቀው ስለነበር ፊት አስቀመጠው። በመንገዱ ሁሉ ዓይኑን ጨፍኖ ሄደ።

ምግብ አቀረበችልን። በላን። ከዚያ ፊት ለፊቱ ተቀመጠችና አንድ ነገር ብቻ ጠየቀችው።

"ውሃ ሲልህ ምን አልከው?"

አባቴ አፉን ከፈተ፤ እንደፈራው ድምፁ ተዘጋ። ጠበቀችው። እጄን ያዘ፣ ለቀቀ።

"እኔ ጠጥቻለሁ፣ ያንተ ተራ ነው፣ አሁን አቀብልሃለሁ አልኩት" አለ። "ዋሸሁት። ተስፋ እንዳይቆርጥ ነው።"

ተነሥታ ወደ ጓሮ ወጣች። ብዙ ቆየች። የመጣችው ትልቋ ልጇ ናት፤ "እናቴ መኪና ሳያልቅባችሁ ሂዱ ትላለች" አለችን። ክራንቹን አቀበለችውና እስከ አስፋልቱ ሸኘችን።

አባቴ ከዚያ በኋላ ጌሙን ከፍቶ አያውቅም። ግድግዳውን ማየት ትቷል፤ አሁን በሩ ላይ ወንበር አውጥቶ ይቀመጣል። ላፕቶፑን ለባለቤቱ ከመመለሴ በፊት ቀረጻውን አጠፋሁት፤ ስልኬ ላይ ያለው ግን አለ። አልከፍተውም። ከዚያ ወዲህ ሲሬ ሄደን አናውቅም፣ እሷም መጥታ አታውቅም። በዓል ሲሆን ልጂቷ ትደውላለች። "አባትሽ ደኅና ነው ወይ?" ትለኛለች፤ በራሷ ነው ወይስ እናቷ ጠይቂ ብላት ነው፣ ጠይቄያት አላውቅም።