የኔታ ጉልላት በቬዳ ተማሪዎች በር ላይ

መጀመሪያ ያየሁት የልጆች ጫማ ነው። ካልጋሪ ከተማ ዋይትሆርን ሰፈር ባለው አዳራሽ፣ ምድር ቤት በር ላይ ሃያ ጥንድ የልጆች ጫማ ተደርድሯል። የኔታ ጉልላት አንዱን ጥንድ በእግራቸው ገፋ አድርገው ለራሳቸው መቆሚያ አበጁ።

የኔታ ጎጃም ውስጥ አሥራ አራት ዓመት ዜማ ተምረዋል። እዚህ ካልጋሪ መጋዘን ውስጥ ፎርክሊፍት የሚሉትን የዕቃ ማንሻ መኪና ይነዳሉ፤ ቅዳሜ ከጠዋቱ አራት ሰዓት ጀምሮ በዚህ ክፍል ዜማ ያስተምራሉ። በመስከረም ዘጠኝ ተማሪ ነበራቸው። አሁን የቀረችው እህቴ ሐና ብቻ ናት፤ እሷም አምስት ሰዓት ላይ የዋና ትምህርት አለባት። ዛሬም ሳትማር ከተመለሰች እንደምታስቀራት እናቴ ቁርጡን ነግራቸዋለች።

ከእሳቸው በፊት ክፍሉን የሚይዙት ሂንዱዎች ናቸው። መምህሩ ራጋቫን መጽሐፍ ሳይገልጥ ቬዳን፣ ጥንታዊ ቅዱስ መዝሙራቸውን፣ በቃል ያስጠናል። ልጆቹ ድምፃቸው ሲወጣ ራሳቸውን ቀና፣ ሲወርድ ደፋ ያደርጋሉ። ቃላቱን ወደ ፊት ይሏቸዋል፣ ወደ ኋላ ይመልሷቸዋል፣ ደግሞ ወደ ፊት። ወንዝ ወደ ምንጩ ወጥቶ እንደገና ሲወርድ የሰማሁ መሰለኝ። አፌን ከፍቼ ቀረሁ።

«ምኑ ነው የሚያስደንቅህ?» አሉኝ የኔታ። «ሰዓቴን እየበሉት ነው።»

አራት ሰዓት እንዳለፈ በሩን ደበደቡት። ውስጥ ጸጥ አለ። ከዚያ ልጆቹ ከመጀመሪያው ቃል ጀመሩ።

ሐና ከስልኳ ቀና አለች። «የኔታ፣ ባለፈው ሳምንትም እንደዚህ ነው ያደረጉት። ላይክ፣ ሩላቸው ነው፣ ሕጋቸው። መሃል ላይ ከተቋረጠ ከመጀመሪያው ነው።»

«ሆን ብለው ነው እንጂ!» አሉና በቡጢ ደገሙት።

ራጋቫን በሩን ገርበብ አደረገ። «ሁለት ደቂቃ ነበር የቀረን» አላቸው በእንግሊዝኛ። «አርባ አምስት ያደረግከው አንተ ነህ።» ዘጋባቸው። ልጆቹ እንደገና ከመጀመሪያው ጀመሩ።

«የኔታ፣» አልኩ ግማሽ ሰዓት ያህል ካለፈ በኋላ፣ «ሐናን መሃል ላይ ቢያቋርጧት እርስዎ ከየት ያስጀምሯታል?»

«ከመጀመሪያው ነዋ። የእኔ ግን ጸሎት ነው፤ የእነሱ ጩኸት ነው።»

ይህን ብለው ለሦስተኛ ጊዜ እጃቸውን አነሡ። እጁ አየር ላይ ቆየ። ልጆቹ አጋማሹን አልፈው ነበር። የኔታ ቀስ ብለው እጃቸውን ኪሳቸው ከተቱት፤ ፊታቸው ግን እንደከረረ ነበር።

ልጆቹ ሲጨርሱ አምስት ሰዓት ሊሆን አሥር ደቂቃ ቀርቶታል። ሐና የዋና ቦርሳዋን አንስታ ወደ መኪናዬ ወጣች።

ራጋቫን በሩን ወለል አድርጎ ከፈተ። «ክፍሉ ያንተ ነው።»

የኔታ ወደ እኔ ዞሩ። «ለእናትህ፣» አሉኝ፣ «ልጅሽን ያስቀራት ራጋቫን ነው በላት።»

ጫማቸውን በሚያጠልቁት ልጆች መሃል ማንንም ሳያዩ አለፉ። ደረጃውን ወጡ፤ ወደ ባቡሩ ጣቢያ አቀኑ።