የገነቴ ግማሽ ወፍጮ

በ1959 ዓ.ም. ክረምት መግቢያ፣ በገበያ ቀን፣ ሆሳዕና ከተማ ውስጥ የገነቴ ወፍጮ ቤት በሰው ተጨናንቆ ሳለ ዳኘ የሚባል የፍርድ አስፈጻሚ ከሁለት ፖሊሶች ጋር ገባ።

«ሞተሩን አጥፊው!» አላት።

ሴቶቹ ዱቄት በዱቄት ሆነው እየተጋፉ ወጡ። በሩ ተቆለፈ፤ ቁልፉ ላይ ወረቀት ተለጥፎ በቀይ ሰም ታሸገ። ውስጥ የዘጠኝ ሰው እህል ቀርቷል።

«ምን አጠፋሁ ጌታዬ?»

«አንቺ ምንም። ዕዳው የአቶ ዋለ ነው፤ ወፍጮውም የአቶ ዋለ ነው።»

«ኧረ ግማሹ የኔ ነው!»

«እሱን ለዳኛው ንገሪ። በሃያ ቀን ውስጥ በሐራጅ ይሸጣል።»

ዋለ የሟች ባሏ ታናሽ ወንድም ነው። ባሏ በሞተ በዓመቱ እሷ ከብቶቿን፣ እሱ ደግሞ ያጠራቀመውን አዋጥተው ሞተሩን ከአዲስ አበባ አስመጡ። በቤተ ክርስቲያናቸው ሽማግሌዎች ፊት እኩል መሆናቸውን ተፈራረሙ፤ ፊደል ስላልቆጠረች እሷ በጣቷ ነው የፈረመችው። ስድስት ዓመት አብረው ሲሠሩ ክፉ ቃል አልተለዋወጡም።

ስለዚህ ወደ እሱ ሮጠች። ዋለ ደጃፉ ላይ የዶማ እጀታ እየጠረበ ነበር።

«ወፍጮአችንን አሸጉት!» አለችው።

ዋለ ከተቀመጠበት አልተነሳም። ቀና ብሎም አላያት። ያኔ ነው ነገሩ የገባት።

«ታውቅ ነበር?»

ያውቅ ነበር። ለአንድ የሞርሲቶ ከተማ ቡና ነጋዴ ዋስ ሆኖ ነበር፤ ሰውየው አገር ጥሎ ጠፋ። ዋለ ሦስት ጊዜ መጥሪያ ደርሶታል። ንብረትህን አሳውቅ ሲሉት ወፍጮው የራሴ ብቻ ነው ብሎ ፈርሟል።

«ለምን?»

«እንሰቱንና መሬቱን እንዳይወስዱብኝ ነዋ። ልጆቼ ምን ይበላሉ?»

«የኔዎቹስ?»

ዋለ እጀታውን መጥረቡን ቀጠለ። ገነቴ ልታለቅስ ፈልጋ እንባ እምቢ አላት። ባዕድ ቢከዳት፣ ሹም ቢገፋት ይገርማታል እንጂ አያደነዝዛትም፤ ይህ ግን የባሏ ወንድም ነው።

በማግስቱ ማመልከቻ አስጻፈች። የውል ወረቀቱንና ምስክር የነበሩትን ሽማግሌ አቶ ተረፈን ይዛ ችሎት ቆመች። አማርኛዋ ቢንተባተብም ነገሯ ቀጥ ያለ ነበር። ዳኛው ወረቀቱን ሁለት ጊዜ አነበቡና ወደ ዳኘ ዞሩ።

«ወፍጮ ቤቱ ውስጥ ማንን አገኘህ?»

«እሷን፣ ክቡር ዳኛ።»

«የማን እንደሆነ ጠየቅሃት?»

«ሳልጠይቃት ግማሹ የኔ ነው ብላ ነበር።»

«ታዲያ ቃሏ የት አለ? እዚህ አልጻፍከውም።»

ዳኘ ቆቡን በእጁ አሻሸ።

«ሰው ሳይጠራ፣ ሳይሰማ፣ ንብረቱ አይሸጥም» አሉ ዳኛው። ሐራጁ ታገደ። ለዕዳው የሚሸጠው የዋለ ድርሻ ብቻ እንደሆነ፣ እሱንም ለመግዛት ገነቴ ቅድሚያ እንዳላት ተወሰነ።

አቶ ተረፈ ፈነደቁ። እሷ ግን ሌላ ድንጋጤ ያዛት፤ ግማሹን መግዛት ካልቻለች ነገ የማታውቀው ሰው ሸሪኳ ሊሆን ነው። የቀሯትን ሁለት ላሞች ሸጠች፤ የዕቁቧ አባላት ተማክረው ተራዋን አስቀደሙላት። ገዛችው።

ማኅተሙ በሠላሳ አራተኛው ቀን ሲነሳ ጣሪያው አፍስሶ እህሉ በቅሏል፤ ከከረጢቶቹ አረንጓዴ ቡቃያ ወጥቶ ግድግዳው ላይ ተደግፏል። ገነቴ አፏን በነጠላዋ ይዛ ቆመች። ለዘጠኙም ሰዎች ከራሷ ጎተራ ሰፍራ ተካች።

ዋለ ይቅርታ ሊጠይቅ ሽማግሌ ይዞ መጣ። አስገብታ አስቀመጠቻቸው፤ የሚበላም አቀረበች።

«አልረገምኩህም፤ ልጆችህም ልጆቼ ናቸው» አለችው። «ግን ዛሬ ይቅር ብያለሁ ብል ውሸት ይሆንብኛል። ያደረግከውን ገና አላመንኩትም።»