ጥሪው እስከሚሰማበት ድረስ

የተወለድኩበትን ቀበሌ ታሪክና መልክዓ ምድር በሁለት ገጽ ጻፍ ተባልኩ። ደብረ ታቦር ጂኦግራፊ አስተምራለሁና ደረቴን ነፍቼ ተቀበልኩ። በምሥራቅ ገደል፣ በሰሜን ጅረት፣ በደቡብ ሸንተረር፤ እስከዚህ ሰላም ነው። በምዕራብ ግን ቀበሌው ሲቋቋም የተጻፈው ወረቀት "የቀብር ጥሪ እስከሚሰማበት ድረስ" ይላል። አልቀለድኩም፤ ማኅተም አለው።

በእኛ አገር ሰው ሲሞት አንድ ሰው ኮረብታ ላይ ወጥቶ ይጣራል። የሰማ መጥቶ ሬሳ ይሸከማል። ጥሪው የማይደርስበት ሰው ሲሞት ደግሞ የማዶ ሰዎች በማዶው ቤተ ክርስቲያን ይቀብሩታል። ቀበሌው ሲቋቋም ሽማግሌዎቹ ይህንን ለጸሐፊው ነገሩት፤ እሱም እንዳለ ገለበጠው። የያኔው ተጣሪ ጉሮሮው ጉድ ስለነበር ቀበሌያችን ሰፊ ነበረች። አርጅቶ የእህቱ ልጅ ሲተካው ጠበበች፤ እሱን ጉንፋን በያዘው ቁጥር አንድ ጎጥ እናጣለን እያልን እንስቅ ነበር።

ሳቁ እናቴ ደጃፍ ሲደርስ አንገበገበኝ። ቤቷ ምዕራብ ጫፍ ላይ ነው፤ አባቴ የተቀበረው ከወዲህ፣ በእኛው ቤተ ክርስቲያን ነው። የምትፈልገው አንድ ነገር ብቻ ነበር፣ ከጎኑ መተኛት።

በኋላ፣ እኔ ለእረፍት አገር ቤት ሳለሁ፣ የመሬት ቀያሽ ከወረዳ መጣ። ድንበሩን በጂፒኤስ ልመዝግብ ቢል ሽማግሌዎቹ ወረቀቱን አውጥተው መጀመሪያ ይጠራ አሉት። ተጣሪው ግን የማንን ሞት ይጥራ? ስም የሌለው ጥሪ ጩኸት ነው። በቁሙ መርዶው እንዲነገር ማን ይፈቅዳል? ሊቀመንበሩ ስብሰባ ትዝ አለው። ሁሉም ወደ እኔ ሲዞሩ እኔም መሬት መሬት አየሁ። እስከ ዛሬ ያሳፍረኛል።

"የኔን ስም ጥሩ፤ ጉዳዩ የኔው አይደል?" አለች እናቴ።

ደጃፏ ላይ ቆምን፤ እሷ፣ ቀያሹና እኔ። ጆሮዋ ከደከመ ቆይቷል። ተጣሪው ኮረብታው ላይ እጁን አፉ ላይ ሲያደርግ አየነው። ጆሮዬን ባቆምም ነፋስ ብቻ ነው የሰማሁት።

"ሰማሁ" አለች።

ቀያሹ እሱ ምንም እንዳልሰማ ነገራት።

"ያንተ ሞት አይደለማ!" አለችው።

ቀያሹ የጂፒኤሱን ቁልፍ ተጫነ፤ ድንበሩ ከቤቷ ጀርባ ሆነ፣ ቤቷም ከወዲህ ቀረ። ከቀትር በኋላ፣ ለኮረብታው ቅርብ ከሆነው ጎጥ መርዶዋን በእውነት የሰሙ ሴቶች እያለቀሱ መጡ። ጠላ ቀድታ አስተናገደቻቸው። ማን ከልቡ እንዳለቀሰ፣ ማን ለይሉኝታ እንደመጣ ከዚያን ቀን ጀምሮ አንድ በአንድ ትነግረኝ ነበር።

ዘንድሮ ጥር ላይ አረፈች። ለቀያሹ ነጥብ ደንታ የሌላቸው አንድ የማዶ ሽማግሌ ሊወስዷት ቃሬዛ አሸክመው መጡ። ተጣሪው ኮረብታው ላይ ወጥቶ እጁን አፉ ላይ አደረገ። እዚያችው እሷ የቆመችበት ቦታ ላይ ቆሜ ነበር። የሰማሁት ያንኑ ነፋስ ነው። እሷም ያን ቀን ሌላ እንዳልሰማች ያኔ ገባኝ።

ሽማግሌው ዓይን ዓይኔን እያዩ ጠየቁኝ። "ልጄ፣ ሰምተሃል?"

"ሰምቻለሁ አባቴ" አልኩ።

ቃሬዛውን ወደ አባቴ መቃብር አዞሩት።