ጋሽ እንደነበር እና አንዲቷ ጥርስ

ጋራዡን የሚያውቅ ሁሉ የሚጠራቸው «ጋሽ እንደነበር» ብሎ ነው። ትክክለኛ ስማቸውን የሚጠሩት ባለቤታቸው ብቻ ናቸው፤ እሳቸውም ቢሆኑ ሲቆጡ ነው። ቅጽል ስሙ የወጣው ከራሳቸው አፍ ነው። አንዱን መኪና ፈተው ገጥመው ሲጨርሱ እጃቸውን በጨርቅ እየጠረጉ «በቃ፣ እንደነበረ!» ይላሉ። ይቺን ቃል ሳይሰማ ቁልፉን ተቀብሎ የሄደ ደንበኛ የለም።

ደግሞ የአፍ ብቻ እንዳይመስላችሁ። የሞተር ክዳን ከመፍታታቸው በፊት የክዳኑን ቅርጽ ካርቶን ላይ ይሥላሉ፤ ከዚያ እያንዳንዱን ብሎን ልክ በወጣበት ቦታ ካርቶኑን እየበሱ ይሰኩታል። አርባ ዓመት ሲሠሩ አንድ ብሎን ተርፏቸው አያውቅም። ሌላ ቦታ ሥራው ሲያልቅ እፍኝ ሙሉ ብሎን ይተርፍና «ፋብሪካው አብዝቶት ነው» ይባላል፤ ስም አልጠራም፣ ራሳቸውን ያውቃሉ። ጋሽ እንደነበር የሾፌሩን ወንበር እንኳ ገፋ አድርገው ከነዱ ወደነበረበት ይመልሱታል። እቤታቸው ግድግዳው ቀለም የተቀባ ጊዜ የሠርግ ፎቷቸውን አውርደው ነበር። ቀለሙ ሲደርቅ መልሰው ሰቀሉት፤ ድሮ ጠመም ብሎ ስለነበር እሳቸውም ጠመም አድርገው። ባለቤታቸው ያን ቀን ነው በትክክለኛ ስማቸው የጠሯቸው።

ከሁሉ በላይ የሚታወቁት ግን በነጭ ቀለማቸው ነው። አንዲት ትንሽ ጠርሙስና ክብሪት እንጨት የምታህል ብሩሽ ከደረት ኪሳቸው አትጠፋም። ጥርስ ያለው ነገር ከመፍታታቸው በፊት እዚህ አንድ ነጥብ፣ ፊት ለፊቱ ሌላ ነጥብ ያደርጋሉ። ሲገጥሙ ነጥብ ከነጥብ ካልተያየ እንቅልፍ የላቸውም። በወጣትነታቸው የሚሠሯቸው መኪናዎች መጽሐፍ የሌላቸው፣ የፋብሪካ ምልክታቸውን ዝገት የበላው ነበሩ። በዚያ ዘመን ከራሳቸው ዓይንና ከራሳቸው ቀለም በቀር የሚያምኑት አልነበራቸውም፤ እንደዚያው ለምደው ቀሩ።

ምራታቸው ወደ ቤቱ ስትገባ ከመፍቻ ጋር ትውውቅ አልነበራትም። ባሏ፣ የሽማግሌው አንድዬ ልጅ፣ የሒሳብ መምህር ነው፤ ቅባት ሲያይ እጁን መታጠብ የሚያምረው ዓይነት ሰው። አንድ ቀን ለአማቷ ምሳ ይዛ ጋራዥ ሄደች። እሳቸው እስኪታጠቡ ቆማ ካርቶኑን ስታይ፣ «አባባ፣ ይቺ ብሎን ከጎረቤቶቿ ታጥራለች፤ ቦታዋ ይኼ አይመስለኝም» አለች። እውነትም ጠዋት ድመት ካርቶኑን ገልብጣው ኖሮ፣ ያነሳላቸው ሰው እንደመጣለት ሰክቶታል። ጋሽ እንደነበር ምሳውንም ረስተው አዩዋት። «ነገ ቀደም ብለሽ አምጪው» አሏት። በዚያው ቀረች፤ ይኸው ስምንት ዓመቷ።

መጀመሪያ አካባቢ ደንበኞች «ልጅቷ ነች የምትነካው?» እያሉ ያጉረመርሙ ነበር። የሳቸው መልስ አንድ ነው፤ «እሷ ካልነካችው እኔም አልነካውም። ኮፈኑን ዝጋና በሰላም ሂድ።» ይህን የሰማች ቀን መኪና ሥር ተኝታ ነበር። አለቀሰች። ስትወጣ ዓይኗን አይተው ምነው ቢሏት፣ ዘይት ገባብኝ ብላ ሸወደቻቸው።

እንግዲህ የአዋላጇ መኪና ያጋጠመቻቸው እንዲህ ያሉትን ሰው ነው። አዋላጇ የሰፈሩን ግማሽ ልጅ በእጇ የተቀበለች፣ ቦርሳዋ ከኋላ ወንበር የማይወርድ ሴት ናት። መጀመሪያ የመጣችው ከሁለት ወር በፊት ነው። ሞተሩ ጠዋት ሲነሳ ይንኳኳል፤ የሞተር መብራቱም በርቷል። ጋሽ እንደነበር ጆሯቸውን ጣል አደረጉና «ካቴናው ረግቧል» አሉ። ልክ ነበሩ። ካቴናው ከታች ፒስተኖቹ የሚያዞሩትን ክራንክሻፍት፣ ከላይ ቫልቮቹን ከሚከፍተውና ከሚዘጋው ካምሻፍት ጋር የሚያገናኝ ሰንሰለት ነው። ሁለቱ ዘንጎች እኩል መራመድ አለባቸው፤ አንዱ ቀድሞ አንዱ ከዘገየ ሞተር ጤና የለውም። ነጥባቸውን አድርገው ፈቱ፤ አዲስ ካቴና፣ አዲስ መወጠሪያ አስገቡ፤ ነጥብ ከነጥብ ገጠሙ። በቃ፣ እንደነበረ! ኳኳታው ጸጥ አለ።

በሳምንቱ መብራቱ ተመልሶ በራ። የብልሽት ኮድ የምታነበው ማሽን ከመጀመሪያው ቀን ቃሏን አልቀየረችም፤ ካምሻፍቱና ክራንክሻፍቱ አልተስማሙም ትላለች። የካምሻፍቱን ሴንሰር ቀየሩ። በአምስተኛው ቀን አሁንም በራ። ከዚያማ የባሰው መጣ፤ አዋላጇ ምጥ ወደያዛት ሴት ስትበር መኪናዋ መገናኛ መንገድ ላይ ቀጥ ብላ ቆመች። ቦርሳዋን ይዛ በእግሯ ሮጠች። እናትም ልጅም ደህና ናቸው፤ ግን ጋሽ እንደነበር ይህን ሲሰሙ ፊታቸው አመድ መሰለ።

ያን ቀን ቤት ገብተው ባለቤታቸውን «እጄ ከድቶኛል» አሏቸው። «ይቺን መኪና በሦስተኛው ካላገኘኋት መፍቻ አላነሳም። በሰው ነፍስ አልጫወትም።» ምራቲቱ ጓዳ ሆና ሰማች። ሰውየው ቀልድ ያውቃሉ፤ በሥራቸው ግን ቀልደው አያውቁም፤ ካሉ አሉ ነው።

በማግስቱ ጠዋት መኪናዋ ተጎትታ ገባች። «ዛሬ አንቺ ያዢው» አሏት ምራታቸውን። «እኔ ባየው የማየው ያንኑ ነው።» ከአዋላጇ ጋር በሩ ላይ ያለችው አግዳሚ ወንበር ላይ ሄደው ተቀመጡ። እሳቸው ሥራ እየተሠራ ሲቀመጡ ያየ ሰው የለም፤ ጋራዡ ራሱ የማያውቀውን ነገር ያየ ይመስል ጭር አለ።

እሷ ሥራዋን ከቀላሉ ጀመረች። ዘይቱን አየች፤ ንጹሕ ነው፣ ልኩም ልክ ነው። ለካምሻፍቱ ዘይት የምታሳልፈውን ትንሿን ቫልቭ ነቅላ ባትሪ አስነካቻት፤ ጠቅ ጠቅ አለች፣ ደህና ናት። ገመዶቹን ከሴንሰሩ እስከ ኮምፒውተሩ በጣቷ ተከትላ፣ በመለኪያም ለካች፤ አልተላጡም፣ አልተበጠሱም። ሴንሰሩ አዲስ ነው። የሚጠረጠር ሁሉ ነፃ ወጣና የቀረው ካቴናው ሆነ። ካቴናው ደግሞ የሽማግሌው ሥራ ነው። ሰው የዘጋውን መልሶ መክፈት በዚህ ሙያ «አላምንህም» ማለት ነው። ወደ በሩ ሄዳ፣ ዓይናቸውን ሳታይ፣ «አባባ… ክዳኑን ልክፈተው?» አለች። «ክፈቺው» አሉ፣ ወደ መንገዱ እያዩ።

ክዳኑን አወረደች፤ ብሎኖቹን በተማረችው መሠረት ካርቶን ላይ ሰካች። ክራንክሻፍቱን በመፍቻ ቀስ እያለች አዞረችው፤ የመጀመሪያው ፒስተን ጫፍ ሲደርስ አቆመች። የአማቷ ነጭ ነጥቦች ዓይን ለዓይን ተያዩ። አንድ ፀጉር እንኳ ዝንፍ አላሉም! ደስታዋ ለከት አጣ፤ እጃቸው አልከዳቸውም ማለት ነው። ከዚያ ለጥንቃቄ ያህል የፋብሪካውን ምልክት ፈለገች። ካምሻፍቱ ጥርስ ላይ የተወቀረች፣ የሰሊጥ ፍሬ የምታህል ስርጉድ ናት፤ ነጭ ቀለም አይታ የማታውቅ። በመብራት አገኘቻት። መሆን ካለባት ቦታ አንድ ጥርስ ወዲያ ብላ ተቀምጣለች። ደግማ ቆጠረች። አንድ ጥርስ።

ነገሩ ሲገባት ክው አለች። አሮጌው ካቴና ረግቦ ሳለ፣ መኪናዋ ገና ጋራዡ ሳትደርስ፣ አንድ ጥርስ ዘሎ ነበር። እሳቸው ነጥባቸውን ያደረጉት ከዘለለ በኋላ ነው። የቀረውን እንደ ልማዳቸው በጥንቃቄ፣ ነጥብ ከነጥብ አጋጥመው መልሰውታል፤ ስሕተቱንም አብረው። ታዲያ ይህ ያጽናናል ትላላችሁ? ኧረ ተዉኝ! የደከመ እጅ ቢሆን ዕድሜ ነው ይባላል። እዚህ ጥፋተኛው አርባ ዓመት የኮሩበት፣ ስም ያወጣላቸው ነገር ነው። ይህን እንዴት አድርጋ ትንገራቸው?

«አንቺ፣ ተገኘ ወይ?» አለች አዋላጇ ከውጭ።

«ተገኝቷል፣ ሲስተር!» አለች ምራቲቱ፤ ድምፅዋ ለራሷም እንግዳ ሆነባት። «ገመድ ናት። አንዲት ትንሽ ገመድ ላልታ ነው። አሁን አጠብቃታለሁ።» የዘለለችውን ጥርስ በጸጥታ መልሳ፣ ክዳኑን ዘግታ ልትገላገል ነው ሐሳቧ። ማን ያውቃል?

«የቱ ገመድ?» አሉ ጋሽ እንደነበር። ተነስተው መጡ። እሷ ሞተሩ ፊት ተገተረች።

«ዞር በይ።»

«አባባ፣ ጨርሻለሁ እኮ፣ አይድከሙ…»

«ዞር በይ አልኩ፣ ልጄ።»

ዞር አለች። መነጽራቸውን አወጡ፤ ብዙ ጊዜ የማያወጡትን። ነጭ ነጥቦቹን አዩ። ስርጉዷን አዩ። ብሩሻቸውን ከኪሳቸው አውጥተው በእጀታው በኩል ጥርሶቹን ነኩ። «አንድ» አሉ፣ ለራሳቸው። እሷ ቁልቁል ጫማቸውን ነበር የምታየው፤ ቀና ብላ ፊታቸውን ማየት አልቻለችም።

«ሲስተር!» ብለው ተጣሩ በድንገት። «ነይ እስቲ፣ ጉዴን ላሳይሽ!»

አዋላጇ መጣች። «መኪናሽ በሽታዋን ይዛ መጣች» አሏት። «እኔ ፈታኋት፣ በሽታውን አጠብኩት፣ አዲስ ካቴና አለበስኩት፣ ከዚያ ልክ ከቦታው መልሼ አስቀመጥኩት። ገመድ አይደለም። እኔ ነኝ። መንገድ ላይ ያስቀረሁሽ እኔ ነኝ፤ ይቅርታ አድርጊልኝ።»

አዋላጇ አንዴ ሞተሩን፣ አንዴ ሽማግሌውን አየች። «እኔም እንደርስዎ ብሠራ ኖሮ፣ ጋሼ፣ ያዋለድኩትን ሁሉ መልሼ አስገባው ነበር» አለች። ጋሽ እንደነበር ሳቁ። መጀመሪያ ትከሻቸው ተንቀጠቀጠ፤ ከዚያ ሳል እስኪያጣድፋቸው ሳቁ። ምራቲቱ ግን አልሳቀችም፤ እንባዋ ዱብ ዱብ አለ።

ወደሷ ዞሩ። «ልትዋሺልኝ ነበር።»

«አዎ፣ አባባ።»

«ስምንት ዓመት ሙሉ መዋሸት አላስተማርኩሽም።»

«መፍቻ አላነሳም ሲሉ ሰምቻለሁ እኮ!» አለች። «እርስዎ ከሌሉ እኔ እዚህ ምን እሠራለሁ?»

ጨርቁን አንስተው የማይጠፋውን ቅባት ከጣታቸው ጠረጉ፣ ጠረጉ። ከዚያ የምትቀመጥባትን አጭር ዱካ ጎትተው ሞተሩ አጠገብ ተቀመጡ። «ከመጀመሪያው አሳዪኝ» አሉ። «ይቺን ስርጉድ እንዴት እንደምታገኚያት፣ ከየት ተነስተሽ እንደምትቆጥሪ። ቀስ በይ፤ እንዳትዘዪብኝ።»

አሳየቻቸው። ምኑን ከምን እንደምታስተያይ፣ ለምን ሁለት ዙር ማዞር እንዳለባት፣ መጽሐፉ ምን እንደሚል ነገረቻቸው። ያቋርጧታል፤ «ቆይ፣ ይኼን ድገሚው» ይላሉ። የስድሳ ስምንት ዓመት ሰው ናቸው፤ ደንበኛቸው ቆማ እያየቻቸው ከምራታቸው ሥር ቁጭ ብለው ይማራሉ። አላፈሩም። እኔ እንዲህ ያለ ሰው ብዙ አላየሁም፤ እናንተም ብዙ አላያችሁም። ካቴናውን አውጥታ ካምሻፍቱን አንድ ጥርስ መለሰችው፤ መልሳ ስትገጥም ብሎኖቹን ከካርቶኑ እየነቀሉ ያቀበሏት እሳቸው ናቸው። ሞተሩ በአንድ ጊዜ ተነሳ። ማሽኗም ለመጀመሪያ ጊዜ ቃሏን ቀየረች፤ ሁለቱ ዘንጎች ታርቀዋል። አዋላጇ ሰፈሩን ሁለቴ ዞራ መጣች፤ መብራቱ አልበራም። ሁለቱንም አቅፋ ሄደች።

ጋሽ እንደነበር ግን ዱካዋ ላይ እንደተቀመጡ ቀሩ። ምራቲቱ ደከማቸው ብላ ልቧ ፈራ። «ስንቱን ነው እንዲህ ከነበሽታው የሸኘሁት?» አሉ። «ሞተሩ አርጅቷል፣ እንደምንም ቻለው እያልኩ?» መልስ አልጠበቁም። ስልካቸውን አወጡና ከዓይናቸው አርቀው ይዘው ቁጥር ይፈልጉ ጀመር።

መጀመሪያ የደወሉት ለዳቦ ቤቱ ባለቤት ነው። «እኔ ነኝ፣ የጋራዡ። ያቺ መኪናህ አሁንም ዳገት ላይ ትለግማለች? አላረጀችም፤ እኔ ነኝ የተሳሳትኩት። ሰኞ ጠዋት አምጣት፤ እኔና ልጄ እናያታለን።» እሷ መፍቻዎቿን እየጠረገች ነበር፤ «እኔና ልጄ» ሲሉ እጇ ቆመ። ሌላ ደወሉ። ሌላም ደወሉ። አራተኛው የጣውላ ነጋዴው ነው፤ ብዙ አዳመጡት፣ ግንባራቸው ተኮማተረ።

«ሸጥካት?» አሉ። «ለማን?» እስክሪብቶ እንድታቀብላቸው በእጃቸው ጠቀሷት። «የሰውየውን ቁጥር ንገረኛ!»